ፈንታሁን በሚስቱ ታሪክ ላይ ያቀረበው ተቃውሞ

ደብረ ታቦር ፍርድ ቤት በር ላይ ጥላ ዘርግተው ከሚቀመጡት ማመልከቻ ጸሐፊዎች ውስጥ የፈንታሁንን ያህል ወረፋ ያለው አልነበረም። ከጉና ተዳፋት በበቅሎ የወረደ ገበሬ ሳይቀር «ያ ጽሕፈቱ የሚያምረው ሰውዬ የታለ?» እያለ ይፈልገው ነበር። ከተማው በኮምፒውተር ቤት ከተጥለቀለቀ በኋላ እንኳ፣ በፈንታሁን እጅ የተጻፈ ማመልከቻ ዳኛ ፊት ሞገስ አለው ብለው የሚምሉ አሉ። እውነት ይሁን አይሁን እንጃ። እሱ ግን አንድም ቀን አላስተባበለም።

እሱም ራሱ የጉና ልጅ ነው። የቄስ ልጅ፣ ገብስና ድንች በልቶ ያደገ። አሥራ ሁለተኛ ክፍል ጨርሶ ዩኒቨርሲቲ የሚያስገባውን ነጥብ ለጥቂት ሳተው፤ ያችን ጥቂት እስከ ዛሬ ያማርራታል። መዝገብ ቤት ገልባጭ ሆኖ ተቀጠረ፣ ስድስት ዓመት ሠራ፣ መዋቅር ሲቀየር ቦታው ታጠፈና ከግቢው ውስጥ ወደ ግቢው በር ወጣ። እዚያው ጠረጴዛና ወንበሩን ተክሎ ሃያ ሁለት ዓመት ተቀመጠ።

በሃያ ሁለት ዓመት ያልሰማው ጉድ የለም። ለአንድ ቦይ ውሃ ብሎ ወንድሙን የፈነከተ፣ የሟች ባሏን ኑዛዜ ጡቷ ሥር የሸሸገች፣ የገዛ ልጁን «የእኔ አይደለም» ብሎ የካደ፣ ሁሉም መጥቶ እሱ ፊት ያለቅሳል፣ ይራገማል፣ ይምላል። ፈንታሁን ያዳምጥና ለቅሶውን ከሦስት ከፍሎ ቁጥር ይሰጠዋል። አንደኛ፣ ሁለተኛ፣ ሦስተኛ። ከታች ስም እስከ አያት፣ ከስሙ ጎን ፊርማ። ስሙን ለማስጻፍ የሚያመነታ ባለጉዳይ ሲገጥመው መልሱ አንድ ነው፤ «ስም የሌለው ማመልከቻ መዝገብ ቤት አይቀበልም። ካሳፈረህ አትክሰስ።»

በልቡ ግን ደራሲ ነበር። አንድ መስመር ያሳተመው የለም፤ ቢሆንም «እኔ የማውቀውን ብጽፈው አገር ጉድ ይላል» ማለት ይወዳል፤ በተለይ ጠላ ሲቀማምስ። ይህን ከማንም በላይ ደጋግማ የሰማችው ሚስቱ ጌጤ ናት። ሰምታ ዝም ትላለች። ጌጤ ከፍርድ ቤቱ ትንሽ ከፍ ብሎ የኮፒና የጽሕፈት ቤት አላት፤ ሁለት ኮምፒውተር፣ አንድ ፕሪንተር፣ ሲሞቅ ወረቀት የሚነክስ አንድ ኮፒ ማሽን። ከአሥረኛ ክፍል በላይ አልተማረችም። ከደንበኛ ጋር እያወራች፣ ዓይኗን ከሰውየው ሳታነሳ፣ ጣቶቿ ብቻቸውን ይጽፋሉ። ሁለት ልጆች አድርሰው አንዷን ጎንደር፣ አንዱን ባሕር ዳር ልከዋል። ደራሲ እሆናለሁ ብላ አታውቅም፤ ጊዜም አልነበራት።

ኢንተርኔቱ ተዘግቶ ከርሞ የተለቀቀ ሰሞን ፈንታሁን ቴሌግራም ላይ አንድ ማስታወቂያ አየ። የጽሑፍ ሥልጠና ነው፤ በነጻ፣ በቴሌግራም ብቻ፣ ለሦስት ወር። «ቤተሰብ ፊት የማይነበብ ታሪክ እንጻፍ» ይላል። «ነውር ተብሎ የታፈነውን፣ በሹክሹክታ እንኳ የማይባለውን። የተመረጡት በአንድ መጽሐፍ ይታተማሉ።» የመጽሐፉ ስም ከወዲሁ ወጥቶለታል፤ «ይህ አይወራም»። የምታሠለጥነው ሰላማዊት የምትባል፣ አዲስ አበባ የምትኖር የቀድሞ ጋዜጣ አዘጋጅ ናት። ፈንታሁን ማስታወቂያውን ሲያነብ በስሙ የተጠራ መሰለው። የነውር ጎተራ ላይ ተቀምጦ ሃያ ሁለት ዓመት የጠበቀ ሰው እሱ አይደል?

እንግዲህ ሥራው እንዲህ ነበር። ሰላማዊት በየሳምንቱ የቤት ሥራ ትሰጣለች። ፈንታሁን ጠረጴዛው ላይ በእጁ ይጽፋል። ጌጤ ሱቋን ልትዘጋ ስትል ትተይብለታለች። ዓይኑ ስልክ ላይ ስለማይሠራ የሌሎቹንም ታሪክ አትማ ትሰጠዋለች፤ ስታትም ታነባለች። ማንም ሳያስገባት ሥልጠናው ውስጥ ገብታ ተቀምጣ ነበር ማለት ነው።

ፈንታሁን ደግሞ ጻፈ፣ ጻፈ፣ ጻፈ። የሰረቀ ካህን ጻፈ፤ ካህኑ መጨረሻ ላይ ተይዞ ታሰረ። ከአማቷ ወንድም ጋር የሸሸች ሴት ጻፈ፤ ሴትዮዋ መጨረሻ ላይ አብዳ ሞተች። መርዝ ያበላ ባል ጻፈ፤ የተፈረደበት ዓመትና የቅጣት አንቀጹ ሳይቀር ተጠቀሰ። የቡድኑ አባላት አክብረው፣ ጥርሳቸውን ነክሰው አስተያየት ይሰጡታል። ሰላማዊት ግን በአራተኛው ሳምንት እቅጩን ነገረችው፤ «ጋሽ ፈንታሁን፣ ቋንቋዎ ግሩም ነው። ግን ገጸ ባሕሪዎችዎን ሁሉ ይከሷቸዋል። እዚህ ፍርድ ቤት የለም እኮ።»

«ልጅ ናት፣ ምን ታውቃለች» አለ ፈንታሁን፤ ግን እራቱን አልጨረሰም።

የአምስተኛው ሳምንት የቤት ሥራ «አንድ ሰው የጸለየውን፣ ለነፍስ አባቱ እንኳ የማይነግረውን ጸሎት ጻፉ» የሚል ነበር። ፈንታሁን ጉቦ እንዲመጣለት የሚጸልይ ዳኛ ጻፈ፤ ጸሎቱ ብቻ ሁለት ገጽ ሆነ። ጌጤ እየተየበች ሳለ ሳቋ አመለጣት።

«ምን ያስቅሻል?»

«ምንም። ይኸ ዳኛ እንዲያው እንዲህ አይጸልይም ብዬ ነው።»

«እንዴት ነው የሚጸልየው ታዲያ?»

«እኔ ምን አውቄ። ብቻ ክፉ ነገር የሚለምን ሰው ይኸን ሁሉ አያወራም። ቶሎ ብሎ ነው የሚለው።»

«እስቲ አንቺ ጻፊዋ!» አላት በብስጭት። እንዲያው አፉ ላይ የመጣለትን ነው። ሰው አፉ ላይ የመጣለትን ሲል የሚመጣበትን አያይ።

ጌጤ ጻፈችው። በማግሥቱ፣ በባለ ኮፒና በባለ ፎርም መሐል፣ ግማሽ ቀን ባልሞላ ጊዜ፣ በቀጥታ ኮምፒውተሩ ላይ። ሁለት ገጽ ተኩል ሆነ። ፈንታሁን እየሳቀ፣ ልጅ የመኪና መሪ እንዲነካ እንደሚፈቀድለት ያህል አድርጎ፣ በገዛ ስልኩ፣ በገዛ ጣቱ፣ «ይህ ደግሞ የባለቤቴ የጌጤ ነው፣ አትሳቁባት» ብሎ ቡድኑ ላይ ለጠፈው። ሳያነበው ለጠፈው። ያነበበው ከሌሎቹ ጋር ነው።

ርእሱ «ስለት» ነው። አንዲት ሴት የአልጋ ቁራኛ የሆኑ አማቷን ሁለት ዓመት ታስታምማለች። ታገላብጣለች፣ ታጥባለች፣ ታጎርሳለች። አሮጊቷ በስሟ ጠርተዋት አያውቁም፤ «አንቺ የማነሽ» ነው የሚሏት። አንድ ቀን የአጥሚት ሳህኑን ፊቷ ላይ ይደፉታል። ሴትዮዋ ፊቷን ታጥባ፣ ነጠላዋን ለብሳ፣ አዲስ ዘመን ከተማ ድረስ በመኪና፣ ከዚያ በእግሯ ወደ ጣራ ገዳም ትወጣና ትሳላለች፤ «እመቤቴ፣ ከፋሲካ በፊት ውሰጂልኝ፣ የከፋይ ጃንጥላ አገባለሁ።» አሮጊቷ ለፋሲካ ሁለት ሳምንት ሲቀረው ያርፋሉ። ሴትዮዋ ጃንጥላውን ይዛ ትሄዳለች፣ ሴቶች እልል ይሉላታል፣ አንዲት ጠና ያሉ ሴት «ስለትሽ ምን ነበር፣ ልጄ?» ይሏታል። «ለጤና» ትላለች። ታሪኩ የሚያልቀው «የማን ጤና እንደሆነ አልጠየቋትም» በሚለው ነው።

ባልየው በታሪኩ ውስጥ አንድ መስመር ብቻ አለው። «ባሏ ሹፌር ነው፤ ያን ጊዜ መተማ ነበር» ይላል።

ፈንታሁን ወረቀቱን ይዞ ቀረ። ጃንጥላውን ያውቀዋል። ቀይ ከፋይ፣ ዘርፉ ወርቅማ። እናቱ እማሆይ ወለተ ሚካኤል ካረፉ በኋላ ጌጤ «ስለት አለብኝ» ስትለው ለልጃቸው የፈተና ውጤት መስሎት፣ ሚኒባስ ውስጥ ጉልበቱ ላይ አስቀምጦ ይዞላት የሄደው እሱ ራሱ ነው። ለእናቱ ቢቆጣ ባማረበት። ቢጮህ፣ ወንበር ቢገለብጥ፣ አገር ያዝንለት ነበር። እሱ ግን ወረቀቱን አገላብጦ መጀመሪያ ያሰበው «ይህን እንዴት እኔ አልጻፍኩትም?» የሚለውን ነው።

ስልኩ ዝም ብሎ ቆየ። ከዚያ መንጫጫት ጀመረ። ሰላማዊት በጽሑፍ መመለስ ከብዷት የአራት ደቂቃ ድምፅ ላከች፤ ግማሹ ትንፋሽ ነው። «ጌጤ ማናት? እስከ ዛሬ የት ነበረች?» ትላለች። ማታውን ፈንታሁን ታሪኩ ሥር የተሰጡትን ልቦች ቆጠረ፤ ስድሳ ሦስት። የእሱ ዳኛ አራት ልብ ነበረው፣ አንዱን የሰጠው ራሱ ነው።

ቀና። ሌላ ስም የለውም። ጌጤ በወጣትነቷ ዓይን የምትስብ ነበረች፤ አውቶቡስ ተራ ስታልፍ የሚዞር አንገት ብዙ ነበር፤ ያኔ አንድ ቀን አልቀናም፤ እንዲያውም ይኮራ ነበር። አሁን በሃምሳ ሁለት ዓመቱ በሁለት ገጽ ተኩል ወረቀት ቀናባት። በመጀመሪያው ቀን ብርቱካን ገዝቶ ገባና «ጎበዝ» አላት። በሁለተኛው ቀን ወጡ ጨው በዛበት። በሦስተኛው የኮፒ ማሽኑ ድምፅ ራሱን አዞረው። ጌጤ ከዚያ ወዲያ ሌላ ሁለት ታሪክ ጻፈች፤ ስትጽፍ ከንፈሯን ነከስ ታደርጋለች፣ ይህንን ሃያ አምስት ዓመት አብሯት ሲኖር አይቶት አያውቅም፤ ይህም አናደደው። እሱ የሚጽፈውን መተየቧን አላቋረጠችም፤ አንድ ቃል አስተያየት ግን መስጠት ተወች። ዝምታዋ ከሰላማዊት ትችት የባሰ አንገበገበው።

ከሁሉም የከነከነው ያቺ የመተማ መስመር ናት። እናቲቱ የእሱ እናት፣ ቤቱ የእሱ ቤት፣ ሥቃዩም ቢሆን በከፊል የእሱ። በዚያ ሁሉ መሐል እሱ የለም። የሚስቱ ታሪክ ውስጥ እንኳ ቦታ አጣ። በግ ጠባቂ ብታደርገው ይሻለው ነበር፤ ቢያንስ ደጅ ላይ ይታያል።

ሦስት ወሩ አለቀና የተመረጡት ተነገሩ። አሥራ አራት ታሪኮች። የመጀመሪያው «ስለት»፣ የጌጤ። ፈንታሁን ዝርዝሩን ከላይ ወደ ታች፣ ከታች ወደ ላይ አነበበ። ስሙ የለም። ሰላማዊት ለብቻው ጻፈችለት፤ «ጋሽ ፈንታሁን፣ አይቀየሙኝ። ታሪኮችዎ ውስጥ የሁሉም ሰው ጥፋት አለ። የእርስዎ ብቻ የለም።» አምስት ጊዜ አነበበው። አምስቱንም ጊዜ ስድብ ነው የመሰለው።

ያን ዕለት አንድም ባለጉዳይ አልተቀበለም። ወረቀት አወጣና በሕይወቱ አሳምሮ የሚያውቀውን ነገር ጻፈ። ተቃውሞ። ጽሑፉን ጌጤ ዘንድ መውሰድ አይሆንምና መናኸሪያው አጠገብ ወዳለው ወደ አሚን ኮምፒውተር ቤት ወረደ። አሚን ወጣት ነጋዴ ነው፣ ጌጤን እንደ ታላቅ እኅቱ ያከብራታል።

«ጋሽ ፈንታሁን፣ በሰላም ነው? የእትዬ ጌጤ ማሽን ተበላሸ እንዴ?»

«ብዙ አትጠይቅ። ጻፍ።»

አሚን ጻፈ። ሲጽፍ ፊቱ እየተለወጠ ሄደ። እንዲህ ይላል፦

«‹ይህ አይወራም› ለተባለው መጽሐፍ አዘጋጅ። አመልካች፣ ፈንታሁን። ተጠሪ፣ ባለቤቴ ወይዘሮ ጌጤ። ጉዳዩ፣ ‹ስለት› የተባለው ታሪክ ከመጽሐፉ እንዲወጣልኝ ስለመጠየቅ።

አንደኛ፣ በታሪኩ የተጠቀሱት ሟች ስማቸው ባይነሣም የአመልካች ወላጅ እናት መሆናቸውን የደብረ ታቦር ሕዝብ የሚያውቀው ሲሆን፣ ሟች መልስ ሊሰጡ በማይችሉበት ሁኔታ መወቀሳቸው አግባብ አይደለም።

ሁለተኛ፣ ተጠሪ ከዚህ በፊት አንድ መስመር ጽፋ የማታውቅ ስትሆን፣ አመልካች ሃያ ሁለት ዓመት ሲጽፍ የኖረ ነው። አመልካች በየሌሊቱ ሲመኘው የኖረውን ተጠሪ ሳትመኘው በግማሽ ቀን ማግኘቷ በአመልካች ላይ ከፍተኛ በደል ያደረሰ በመሆኑ ሊታይልኝ ይገባል።

ሦስተኛ፣ ባልየው መተማ ነበር የተባለው ፍጹም ሐሰት ነው። ባል እናቱ ባረፉበት ቅዳሜ ቀን ከአልጋቸው አጠገብ ነበር፣ እስከ መጨረሻዋ ትንፋሻቸውም እጃቸውን ይዞ ነበር።»

«ስም ይቅር?» አለ አሚን ቀስ ብሎ። «እንዲያው ... ቢቀር አይሻልም?»

«ስም የሌለው ማመልከቻ ማን ይቀበላል?» አለ ፈንታሁን ተቆጥቶ። ስሙን እስከ አያቱ አስጻፈ፣ አሳተመ፣ ፈረመበት፣ አሚን ፎቶ አንሥቶ ለሰላማዊት ላከለት። ማንም ሰው ሚስቱን ከጀርባ ሲወጋ ስሙን ይደብቃል። ፈንታሁን ግን የሙያው ደንብ አልፈቀደለትም።

ዘጠኝ ቀን መልስ አልመጣም። በዘጠኙም ቀን ጌጤን ቀና ብሎ ማየት አቃተው። በአሥረኛው ቀን፣ እኩለ ቀን ላይ፣ ለአንዲት የድንበር ክርክር ላለባት ሴት እየጻፈ ሳለ ስልኩ ጮኸ። ሰላማዊት ለብቻው አልጻፈችለትም፤ ቡድኑ ላይ ነው።

«ጓዶች፣ መጽሐፉ ከተዘጋ በኋላ አንድ ሥራ ደረሰን፤ ልናልፈው አልቻልንም። የጋሽ ፈንታሁን ‹ተቃውሞ›። በሚስቱ ታሪክ የቀና ባል፣ በማመልከቻ መልክ፣ በገዛ ስሙና ፊርማው! ቁጥር ሁለት ላይ ስደርስ ከወንበሬ ተነሣሁ። ልክ ከ‹ስለት› ቀጥሎ ይገባል። እትዬ ጌጤ፣ አብራችሁ ነው ያሰባችሁት? የመጽሐፉን ረቂቅ አያይዣለሁ፤ እስከ ነገ እርማታችሁን ላኩ።»

ልብ በልብ ላይ ይዘንብ ጀመር። ሠላሳ፣ አርባ፣ ስድሳ። ፈንታሁን ጆሮው ጮኸበት። ከመጽሐፉ ገብቷል! የሃያ ሁለት ዓመት ምኞቱ ሞልቷል፣ ደስታው ጉሮሮው ድረስ መጣ፤ ጉሮሮው ጋ ደርሶ ግን ቆመ፤ ምክንያቱም ጌጤም ስልክ አላት። ባለጉዳይዋን «ይቅርታ እኅቴ» ብሎ፣ ወረቀቱን እንኳ ሳይሰበስብ ወደ ላይ ሮጠ።

ሲደርስ ፕሪንተሩ እየሠራ ነበር። አንድ ሽማግሌ መታወቂያ ኮፒ ለማድረግ ቆመዋል። ጌጤ ኮፒያቸውን ሰጥታ ሸኘቻቸው፣ ወረቀቶቹን ሰበሰበች፣ ቆማ አነበበች። ጣቷን ከመስመሩ ሥር እያስኬደች፣ ቀስ ብላ፣ የደንበኛ ጽሑፍ እንደምታርም። ፈንታሁን የደንበኞች አግዳሚ ላይ ተቀመጠ። ተቀምጦ የሚያውቅበት ቦታ አልነበረም።

«ቁጥር ሁለት እውነት ነው» አለች በመጨረሻ። ድምፅዋ ውስጥ ቁጣ ፈልጎ አጣ። «ቁጥር አንድም ግድ የለም፣ ይሁን። ቁጥር ሦስት ምንድን ነው?»

«አንቺ ነሽ መጀመሪያ የዋሸሽ» አለ። «መተማ ነበር አልሽ። ሹፌር አደረግሽኝ። ከገዛ ቤቴ አስወጣሽኝ፣ ከገዛ እናቴ አልጋ!»

ጌጤ ወረቀቱን ጠረጴዛው ላይ አኖረችው።

«ያን ቅዳሜ ሰው ላክሁብህ። ‹መጣሁ› አልከው አሉ፤ ቀረህ። ኋላ ራሴ ወረድኩ። ከማዕዘኑ ሆኜ አየሁህ። ፍርድ ቤቱ ዝግ ነው፣ ቅዳሜ ነው። አንድ ባለጉዳይ የለም። አንተ ጠረጴዛህን ዘርግተህ ብቻህን ተቀምጠሃል። ወረቀቱ ባዶ ነው፣ እስክሪብቶውን ይዘኸዋል። አልጠራሁህም። ተመለስኩ።»

ፈንታሁን የሚያየው ጠፋው። ለለቅሶ የመጣውን ሰው ሁሉ «እጇን ይዤ ነው ያረፈችው» ሲል አራት ዓመት ኖሯል። ከመደጋገሙ የተነሣ እጁ ውስጥ የእናቱ እጅ ይሰማው ጀምሮ ነበር።

«መተማ ያልኩት ያንን እንዳልጽፍብህ ነው» አለች ጌጤ። «ላንተ ብዬ ብቻም አይደለም፣ አልዋሽም። አንተን እዚያ በር ላይ ባስቀምጥህ ኖሮ ሰው አንተን ነበር የሚያየው። ጃንጥላዬን ማን ያስታውሰው ነበር?»

«እናቴ ጠርታኝ ነበር?» አለ ፈንታሁን።

ጌጤ የኮፒ ማሽኑን አጠፋች።

«ጠርታሃለች። ዓይኗ አያይም ነበር ያን ጊዜ። እጄን ያዘችና ‹ፈንታሁን፣ መጣህ?› አለችኝ። ሁለት ዓመት ‹አንቺ የማነሽ› ያለችኝ ሴት እጄን እንደዚያ አድርጋ ይዛኝ አታውቅም። ‹አቤት እምዬ፣ አለሁ› አልኳት። ድምፄን አወፍሬ። እጄን እንደያዘች አረፈች።»

እዚህ ላይ ፈንታሁን ቢያለቅስ ደግ ነበር፤ በኋላ አልቅሷል። በዚያች ሰዓት ግን ያገኘው ያው አሮጌው ሕመም ነው። ቀና። ጌጤ በጻፈችው ከቀናው ይልቅ በዚያች እጅ ይበልጥ ቀና። እናቱ የመጨረሻዋን እጅ የሰጡት ለእሷ ነው፤ እንዲሞቱ ጃንጥላ ለተሳለችባቸው። ለእሱ ደግሞ የቀረለት በስሙ የተባለ «አቤት» ብቻ ነው፤ እሱንም እሷ ናት ያለችው።

«ከፈለግህ ሰላማዊትን ‹የእኔን አውጪው› በላትና ታወጣዋለች» አለች ጌጤ። «የእኔን ግን አላወጣም። እስከ ነገ ነው የሰጠችን።»

ማውጣት ይችል ነበር። እንዳለም ሊተወው ይችል ነበር፤ አገር ሁሉ የሚያምነው ውሸት ነው፣ የሚመሰክርበት አንድ ሰው ብቻ ነው፣ እሷም አራት ዓመት ዝም ያለች ናት። ፈንታሁን እስክሪብቶውን ከኪሱ አወጣና ቁጥር ሦስትን ከዳር እስከ ዳር ሰረዘ። አግዳሚው ላይ፣ ጉልበቱ ላይ አድርጎ ጻፈ። በሃያ ሁለት ዓመቱ እንደዚያ ቶሎ ጽፎ አያውቅም። ጽሕፈቱም አላማረም። ሲጨርስ ሰጣትና «ተይቢልኝ» አላት።

ጌጤ ኮምፒውተሩ ፊት ተቀመጠች። የተጻፈው ይህ ነበር፦

«ሦስተኛ፣ ባል መተማ አልነበረም። በተዘጋ ፍርድ ቤት በር ላይ ባዶ ወረቀት ይዞ ተቀምጦ ነበር። ተጠርቶ አልሄደም። ፈርቶ ነው። እናቱ የያዙት እጅ የተጠሪ እጅ ነበር። እናቱ የልጃቸው እጅ መስሏቸዋል፤ ተጠሪም በልጃቸው ድምፅ ‹አለሁ› ብላቸዋለች። አመልካች በሕይወቱ በብዙ ነገር ቀንቷል። እንደዚህ የቀናበት ነገር ግን የለም። አመልካች የሚጠይቀው ምን እንደሆነ አያውቅም።»

ጣቶቿ እንደ ልማዳቸው ሮጡ። «እናቱ የያዙት እጅ» ላይ ሲደርሱ ቀዘቀዙ። ከዚያ ጨርሳ አንድ ጊዜ አነበበችው፣ ደግማ አነበበችው። ከንፈሯን ነክሳለች።

«ይኸ የእኔ ነበር» አለች፣ ዓይኗን ከስክሪኑ ሳታነሣ። «ለሚቀጥለው ታሪኬ አስቀምጬው ነበር። አራት ዓመት ሙሉ ለማንም አልተናገርኩትም። አሁን ነው ጮክ ብዬ ያልኩት፤ ላንተ ነው ያልኩት።»

ፈንታሁን ፊቷን አየ። ያንን ፊት ያውቀዋል፤ ሦስት ወር ሙሉ ጠዋት ጠዋት መላጫ መስታወቱ ውስጥ ሲያየው የከረመው ነው። እውነቷን ነው፣ የእሷ ነበር። «አውጪው፣ የእጁን ነገር ተይው» ማለት ነበረበት፤ አፉ ላይም መጥቶ ነበር። ከሥሩ ግን ሌላ ነገር ሞቅ እያለ ወደ ላይ ይወጣ ነበር፤ ደስታ ነው፣ ያፈረበት ደስታ፣ ከልጅነቱ ጀምሮ ሲጠብቀው የኖረው ደስታ። ጌጤ ቀናችበት።

«ይላክ?» አለችው። እጇ ኮምፒውተሩ ላይ ነው።

ፈንታሁን እስክሪብቶውን ወደ ኪሱ መለሰ።

«ላኪው» አላት።